ካሜራና ሚዛን፦ ስለ ዓለም አቀፉ የቆሻሻ ንግድ የተሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች



የቆሻሻ ንግድ ከሌላው ንግድ የሚለይበት አንድ ጠባይ አለው። ይኸውም ሌላው ነጋዴ ዕቃውን ገልጦ ሲያሳይ፣ የቆሻሻ ነጋዴ ግን ስሙን ለውጦ ከዐይን ያርቀዋል። ኪያን ሲ የተባለችው መርከብ እ.ኤ.አ. በ1986 ከፊላደልፊያ የቆሻሻ ማቃጠያ የወጣ 14,000 ቶን ያህል ዐመድ ጭና ተነሣች። ተቀባይ አገር አጥታ ከወደብ ወደብ ስትንከራተት ከቆየች በኋላ፣ በ1988 መጀመሪያ 4,000 ቶን የሚሆነውን በሃይቲ የባሕር ዳርቻ አራገፈችው። ፈቃዱ የተሰጠው ግን ለማዳበሪያ ነበር። የአደገኛ ቆሻሻን ዝውውር የሚቆጣጠረው የባዝል ስምምነት በ1989 የጸደቀው እንዲህ ያሉ ድርጊቶች ከተጋለጡ በኋላ ነው።

የዘጋቢ ፊልም አገልግሎትም የሚጀምረው ከዚህ ነው፤ ወረቀት የሸሸገውን ካሜራ ይገልጠዋል። ቻይናዊው ዋንግ ጂውሊያንግ የሠራውና በ2016 ለሕዝብ የቀረበው «ፕላስቲክ ቻይና» ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ነው። በሻንዶንግ ክፍለ ሀገር ባለች አንዲት አነስተኛ የሥራ ቦታ፣ ከባሕር ማዶ የመጣ ውዳቂ ፕላስቲክ በእጅ ሲለቀም፣ ሲታጠብና ሲቀልጥ ያሳያል። በክምሩ መካከል የምትኖር የ11 ዓመት ልጅ ትምህርት ቤት ለመግባት ትመኛለች። ከ1992 ጀምሮ በዓለም ላይ ከተሸጠው ውዳቂ ፕላስቲክ በድምሩ 45 በመቶ ያህሉ ቻይና እንደ ገባ በ2018 የወጣ ጥናት አመልክቷል። ቁጥሩን ያነበበ መሐንዲስ ብዛቱን ይረዳል፤ ፕላስቲኩን የምታጥበው እጅ የማን እንደ ሆነች ግን ቁጥሩ አይነግረውም። ቻይና በ2017 ያስታወቀችውንና በ2018 በሥራ ላይ ያዋለችውን የገቢ እገዳ ፊልሙ ብቻውን አመጣው ማለት አይቻልም። ይሁን እንጂ ነገሩን ከጉምሩክ መዝገብ አውጥቶ በሕዝብ ፊት አቁሞታል።

ካሜራ ግን ሚዛን አይደለም። በጋና ዋና ከተማ በአክራ የነበረው የአግቦግብሎሺ ሠፈር ለዚህ ምስክር ነው። ልዩ ልዩ ፊልሞች ወጣቶች መዳብ ለማውጣት ሽቦ ሲያቃጥሉና ጥቁር ጭስ ሲተን ደጋግመው ስላሳዩ፣ ተመልካቹ ወደ አገሪቱ የሚገባው ያገለገለ ዕቃ ሁሉ የሚቃጠል መስሎት ነበር። የባዝል ስምምነት ጽሕፈት ቤት በ2011 ያወጣው ጥናት ግን፣ በ2009 ጋና ከገቡት ያገለገሉ የኤሌክትሪክና የኤሌክትሮኒክስ ዕቃዎች የማይሠሩት 30 በመቶ ያህል እንደ ነበሩ፣ ከነዚሁም ገሚሱ እዚያው ተጠግኖ ይሸጥ እንደ ነበር ይገልጻል። ጠጋኙ በጠባብ ሱቁ ተቀምጦ ሲበይድ ጭስ ስለማይወጣው ካሜራውን አልሳበም።

ይህ ጉድለት ቀላል አይደለም፤ የተሳሳተ ሥዕል የተሳሳተ መፍትሔ ይወልዳልና። እሳቱን ብቻ ያየ ባለሥልጣን ወደቡን ቢዘጋ ጠጋኙን ሥራ ያስፈታል፤ ሠፈሩን ቢያፈርስ ጭሱን ወደ ሌላ መንደር ያዛውራል። አግቦግብሎሺ በ2021 ሲፈርስ የተበተኑት ሠራተኞች መዳቡን መፈለጋቸውን አልተዉም። የሽቦውን ልባስ ሳያቃጥል የሚገፍፍ መሣሪያና ያልተቃጠለውን ሽቦ በተሻለ ዋጋ የሚገዛ ነጋዴ ግን እሳቱን ከምንጩ ሊያጠፉት ይችላሉ።

ስለዚህ ከመሐንዲሱ የሚጠበቀው ፊልሙን ማጣጣልም፣ እንዳለ መቀበልም አይደለም። በሥዕሉ የታየው ከጠቅላላው ስንት እጅ እንደ ሆነ ይጠይቅ፤ መልሱንም በሚዛን ይፈልግ። ፊልም ሠሪው ሲጠይቀውም የለካውን አይንፈገው። ማንኛውንም ዕቃ ሲነድፍ ደግሞ፣ አገልግሎቱ ሲያበቃ በማን እጅ እንደሚፈታ አስቀድሞ ያስብ።