ድምፅ አለው፣ ምስል የለውም



ወደ ጥገና ቤት የሚመጣ ደንበኛ ብዙ ጊዜ የሚናገረው አራት ቃል ብቻ ነው፤ «ድምፅ አለው፣ ምስል የለውም።» ከዚያ በኋላ የሚሆነው በባለሙያው ሕሊናና በአንዲት የእጅ ባትሪ ይወሰናል። ስለ ባትሪዋ ነው ለእናንተ ለዛሬ ተመራቂዎች ላወራችሁ የመጣሁት።

አንዲት እናት ባለ 43 ኢንች ቴሌቪዥናቸውን በጋቢ ጠቅልለው፣ ልጃቸውን አሸክመው ወደ ጥገና ቤቴ መጡ። ሌላ ቤት «ስክሪኑ ተቃጥሏል፣ አዲስ ይግዙ» ተብለዋል። «እንዴት ይቃጠላል ልጄ? ዜናውን እየሰማሁት ነው እኮ የከረምኩት» አሉኝ። ሰካሁት፤ ድምፁ መጣ፣ ስክሪኑ ግን ድቅድቅ ጨለማ ነው። የሱቁን በር ገርበብ አድርጌ መብራት አጠፋሁ። ባትሪዬን ከመስታወቱ አስጠግቼ ጋደል አድርጌ አበራሁ። በብርሃኑ ክብ ውስጥ የዜና አንባቢዋ ፊት ደብዘዝ ብሎ ታየ፤ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። «ውይ! እዚሁ ናት እንዴ?» አሉ።

እዚያው ነበረች። አንባቢዋን ያየናት ኤልሲዲ የሚባለው ስክሪን የራሱ ብርሃን ስለሌለው ነው። ባለ 1920 በ1080 የሆነ ስክሪን ከሁለት ሚሊዮን የሚበልጡ ነጥቦች አሉት፤ እያንዳንዱ ነጥብ ደግሞ ቀይ፣ አረንጓዴና ሰማያዊ የሆኑ ሦስት ክፍሎች። የእነዚህ ሁሉ ሥራ ከኋላ የሚመጣውን ብርሃን ማሳለፍ ወይም መከልከል ነው፤ መጋረጃ በሉት። ብርሃኑን የሚሰጠው ከጀርባ የተደረደረው የኤልኢዲ አምፖል ነው፤ ባክላይት የምንለው። መጋረጃው ሥራውን እየሠራ መብራቱ ሲጠፋ፣ ምስሉ አለ፣ የሚያየው ግን የለም። በባትሪ ካየነው መጋረጃው፣ ማለትም ፓነሉ፣ ጤነኛ ነው። ምንም ካላየን ፍለጋው ወደ ሌላ ቦታ ይሄዳል።

አምፖሎቹ እንደ ገና ዛፍ መብራት አንዱ በአንዱ ላይ ተቀጣጥለው የታሰሩ ናቸው። አብዛኞቹ እያንዳንዳቸው 3 ቮልት ገደማ ይፈልጋሉ፣ ባለ 6 ቮልትም አሉ። አንዷ ስትቃጠል ሰንሰለቱ ይበጠሳል፤ የሚነዳው ሰርኪውትም ችግሩን አይቶ መስመሩን ይዘጋል። ሲከፈት አንድ ሁለት ሰከንድ ብልጭ ብሎ የሚጠፋ ስክሪን ካጋጠማችሁ ይህን ጠርጥሩ። አንዲት የምስር ፍሬ የምታክል ነገር ተቃጥላ ሙሉ ቴሌቪዥን ሞተ ይባላል፤ እኔን ሁልጊዜ የሚያናድደኝ ይሄ ነው።

ጥገናው ራሱ ከባድ አይደለም፤ ትዕግሥት ግን ይፈልጋል። የኋላ ክዳኑ ይነሳል፣ ቦርዶቹ ይላቀቃሉ፣ ከዚያ መስታወቱ ይነሳል። መስታወቱን ብቻችሁን አታንሱ። ጠርዙ ላይ የተጣበቁት ስስ ሪባኖች የምስሉን ትዕዛዝ የሚያደርሱ ቺፖችን የተሸከሙ ናቸው። አንዱ ከተቀደደ በካውያ አይመለስም፤ አምፖል ልትቀይሩ ገብታችሁ ፓነል ገድላችሁ ትወጣላችሁ። ሁለት ሰው፣ ንጹሕ እጅ፣ ከሥር የተነጠፈ ብርድ ልብስ። ቀጥሎ ብርሃኑን የሚበትኑት ነጫጭ ላስቲኮች አሉ፤ ከማንሳታችሁ በፊት ቅደም ተከተላቸውን በሞባይላችሁ ፎቶ አንሱ። እኔ አንድ ጊዜ «አልረሳውም» ብዬ ረስቼው፣ ገጥሜ ስጨርስ መሐሉ ጥላ ያጠላበት ስክሪን ወጣልኝና እንደገና ፈታሁት።

አምፖሎቹን በኤልኢዲ ቴስተር አንድ በአንድ ስትነኩ የሞተችው ራሷን ታሳያለች፤ መሐሏ ላይ ብዙ ጊዜ ጥቁር ነጥብ ይኖራል። እዚህ ላይ የእጅ ባለሙያዎች ይከፋፈላሉ። አንዳንዱ የሞተችውን በሽቦ አገናኝቶ ያልፋታል። ስክሪኑ ይበራል፣ ደንበኛው ደስ ብሎት ይሄዳል። ግን የቀሩት አምፖሎች ዕድሜያቸው እኩል ነው፤ ከጥቂት ጊዜ በኋላ ሌላዋ ትከተላለች፣ ቴሌቪዥኑም በጋቢ ተጠቅልሎ ይመለሳል። እኔ ሁሉንም መስመር በአንድ ላይ ቀይሩ ባይ ነኝ፤ ቮልቴጁና ርዝመቱ ከድሮው ጋር አንድ ይሁን። ደንበኛው አቅም ከሌለው ሽቦውን አድርጉለት፣ ግን እንዳደረጋችሁ ንገሩት።

ከገጠማችሁ በኋላ ሪሞቱን ያዙና ባክላይት የሚለውን ከ100 ወደ 50 ወይም 60 አውርዱት። አምፖሎቹን የሚገድላቸው ሙቀት ነው። ብዙ ቴሌቪዥኖች ላይ ብራይትነስ የሚለው የጥቁሩን ደረጃ እንጂ አምፖሉን አይነካም፤ ሁለቱን አታምታቱ።

ሳይከፈት የሚናገር ምልክትም አለ። ስክሪኑ ወደ ሰማያዊ ወይም ወደ ወይን ጠጅ ካደላ፣ በሰማያዊው ኤልኢዲ ላይ የተቀባው ቢጫ ሽፋን አልቋል። እዚህም እዚያም ክብ ነጭ ብርሃን ከታየ፣ ከአምፖሉ ላይ የተጣበቀችው ትንሽ ሌንስ ሙጫዋ በሙቀት ለቆ ወድቃለች፤ ያቺን መልሶ መለጠፍ ነው። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት አይገኝለትም ይባላል፤ ቴሌቪዥን ግን አይደብቅም።

መስመር ለሚያወጣ ስክሪን የመጀመሪያው ምርመራ ካቻቪቴ አይጠይቅም። የቴሌቪዥኑን ሜኑ ክፈቱ። መስመሩ ሜኑውንም ከቆረጠው ችግሩ ውስጥ ነው፤ ከላይ ወደ ታች የወረደ መስመር ከሆነ ቅድም ካልኳችሁ ሪባኖች አንዱ ላይ ይጠርጠር። ግማሹ ስክሪን ከጠፋ ወይም ምስሉ ከተዛባ፣ ምስሉን ለፓነሉ ወደሚያከፋፍለው ቲኮን ቦርድ የሚሄደውን ጠፍጣፋ ኬብል ነቅላችሁ ጫፉን በአልኮል ጠርጋችሁ መልሱት፤ በዚህ ብቻ የዳነ አይቻለሁ። ሜኑው ጥርት ብሎ ምስሉ ብቻ ካሬ ካሬ እየሆነ ከተቆራረጠ ግን ቴሌቪዥኑን አትንኩት። ሪሲቨሩን፣ ኬብሉን፣ ነፋስ ያዘነበለውን ዲሽ እዩ፤ ኃይለኛ ዝናብ ብቻውንም የሳተላይት ሲግናል ያደክማል። ለዲሽ በሽታ የቴሌቪዥን ቦርድ የተቀየረላቸው ሰዎች አሉ።

ቀይዋ መብራት እየበራች አልነሳ የሚል፣ ወይም ቀስ ብሎ የሚነሳ ቴሌቪዥን ብዙ ጊዜ የፓወር ሰፕላይ ጉዳይ ነው። አናታቸው ያበጠ ካፓሲተሮች በዓይን ይታያሉ። እዚህ ግን እጃችሁን ሰብሰብ አድርጉ። ከግድግዳው የሚመጣው 220 ቮልት ውስጥ ሲቀየር 310 ገደማ ይሆናል፤ ትልቁ ካፓሲተር ሶኬቱ ከተነቀለ በኋላም ይዞት ሊቆይ ይችላል። መጀመሪያ በመልቲሜትር ለኩ፤ በካቻቪቴ ማጋጨት ለታይታ የሚደረግ ሞኝነት ነው። ደንበኞቻችሁንም መብራት ሲሄድ ሶኬት እንዲነቅሉ፣ ተመልሶ ሲመጣም ትንሽ ቆይተው እንዲሰኩ ምከሩ።

ቴሌቪዥን አገራችን በገባበት በ1957 ዓ.ም. እና ከዚያ በኋላ ለረጅም ዘመን የነበረው ሳጥን ቴሌቪዥን የራሱን ብርሃን የሚሠራ ነበር። ዛሬም በአንዳንድ ቤት አለ። ምስሉ መሐል ላይ አንዲት አግድም የደመቀች መስመር ከሆነ፣ ወደ ላይና ወደ ታች የሚዘረጋው ክፍል ሞቷል ማለት ነው። ውስጡ 25,000 ቮልት የሚደርስ ስለሆነ ያልተማረ ሰው አይክፈተው።

የማይድንም አለ። የልጅ ኳስ ያረፈበት፣ ቀለም እንደፈሰሰበት ወረቀት የጠቆረ ስክሪን ተሰብሯል። ፓነል መቀየር ብዙ ጊዜ ከአዲስ ቴሌቪዥን ዋጋ የሚቀራረብ ነው። በር ላይ እንዳያችሁት ይህን ንገሩ፤ ለመክፈቻ ብላችሁ ገንዘብ አትቀበሉ።

እነሆ ጠረጴዛው ላይ ያለው ቴሌቪዥን ትናንት ማታ የመጣ ነው። ክዳኑን አልከፈትኩትም። አሁን እሰካዋለሁ፤ ድምፅ አለው፣ ምስል የለውም። ከፊት ያላችሁ ቀረብ በሉ። በሩ አጠገብ ያለኸው ወንድሜ፣ የአዳራሹን መብራት አጥፋልን።