ዚርኮን፤ ዘመን የሚቈጥር ቅንጣት
(በትምህርት ቤቱ የምሥረታ በዓል ላይ በአንድ የ12ኛ ክፍል ተማሪ የተደረገ ንግግር)



ከወልዲያ ወደ መርሳ የሚወርድ መንገደኛ ክረምቱ ሲያልፍ በወንዞቹ ዳር ጥቁር አሸዋ በመስመር ተኝቶ ያያል። በሐብሩ ያደግን ልጆች ከአሮጌ ሬዲዮ ማግኔት አውጥተን ስናስጠጋው ጥቁሩ አሸዋ እንደ ጢም ይንጠለጠልበት ነበር። ከነጩ አሸዋ ለምን እንደ ተለየ ግን ጠይቀን አናውቅም።

ምክንያቱ ክብደት ነው። በአውድማ ላይ ነፋስ ገለባውን ወስዶ ፍሬውን እንደሚተው፣ ወንዝም ቀላሉን አሸዋ አርቆ ይወስድና ከባዱን በዳር ያስቀምጠዋል። የእኛ ጥቁር አሸዋ አብዛኛው ማግኔታይት የተባለ የብረት ማዕድን ነው። በሌላ አገርም ይኸው የውሃ አሠራር ዛሬ የምነግራችሁን ዚርኮንን በባሕር ዳርቻ አከማችቶታል። ከሁሉ ይልቅ የሚመረተውም በአውስትራሊያና በደቡብ አፍሪካ ነው።

ዚርኮን ዚርኮኒየም ከተባለ ብረት፣ ከሲሊከንና ከኦክሲጅን የተሠራ ማዕድን ነው። ጥንካሬው እስከ 7.5 ስለሚደርስ መስተዋትን ይጭራል። ክብደቱ ከውሃ 4.6 እጥፍ ያህል ነው። ቡናማ፣ ቀይ፣ ቢጫ፣ አረንጓዴ ወይም ቀለም የለሽ ሆኖ ይገኛል፤ በእሳት ሲግል ሰማያዊ የሚሆንም አለ። እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ1789 ዓ.ም. ክላፕሮት የተባለ የጀርመን ሊቅ ከሴሎን በመጣ ዚርኮን ውስጥ አዲስ ንጥረ ነገር መኖሩን ዐወቀ፤ በ1824 ዓ.ም. የስዊድኑ ሊቅ በርዜልየስ ብረቱን ለይቶ አወጣው። በጌጥ መደብር ዚርኮኒያ እየተባለ የሚሸጠው ግን በፋብሪካ የተሠራ ሌላ ነገር ስለሆነ፣ በስሙ መመሳሰል አንታለል።

ጥቅሙ ብዙ ነው። የተፈጨው ዚርኮን የመታጠቢያ ቤት ሸክላና ሳህን ነጭ ሆኖ እንዲያብረቀርቅ ያደርጋል። ኃይለኛ ሙቀት ስለሚችል ቀልጦ የሚፈስ ብረት የሚቀረጽበት አሸዋ ይሆናል። ከእርሱ የሚወጣው ዚርኮኒየም ደግሞ በአቶሚክ ኃይል ማመንጫ የዩራኒየሙ መያዣ ቱቦ ይሠራበታል።

እኔን ከሁሉ ያስደነቀኝ ግን ዘመን መቍጠሩ ነው። ዚርኮን ከቀለጠ ዓለት ውስጥ ሲወለድ ጥቂት ዩራኒየም ይቀበላል፤ እርሳስን ግን ከሞላ ጐደል አያስገባም። ዩራኒየሙ በማይለወጥ ፍጥነት ቀስ በቀስ ወደ እርሳስ ይቀየራል። ጐተራው መጀመሪያ ባዶ መሆኑንና በየዓመቱ የሚገባውን እህል ልክ ያወቀ ሰው፣ አሁን ያለውን ሰፍሮ ዘመኑን እንደሚያውቅ ሁሉ፣ ሊቃውንትም እርሳሱን ለክተው የዓለቱን ዕድሜ ያውቃሉ። በአውስትራሊያ የተገኘ አንድ ቅንጣት 4.4 ቢሊዮን ዓመት ያህል ሆኖታል። በአገራችንም ከጣና አካባቢ የእሳተ ገሞራ ዓለት የወጣ ዚርኮን ወደ 31 ሚሊዮን ዓመት ገደማ ቈጥሯል። የወሎ ደጋ ተራሮችም በአብዛኛው የዚያው ዘመን እሳተ ገሞራ ሥራ ናቸው።

ወላጆቼ፤ «ድንጋይ መማር ምን ይፈይዳል?» ትሉ ይሆናል። ጐረቤታችንን ደላንታን ተመልከቱ። ወገል ጤና አጠገብ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2008 ዓ.ም. ኦፓል የተባለ የከበረ ድንጋይ ተገኘ። የሚገኘውም ከጥንት የእሳተ ገሞራ አመድ በተጋገረ ንብርብር ውስጥ ነው። እኩዮቻችን ገደል ሲቈፍሩ አፈር ተደርምሶባቸው የቀሩ አሉ። ሳይጠረብ የተሸጠ ድንጋይም ትልቁን ትርፍ ለጠራቢው ይሰጣል። ንብርብሩ ወዴት እንደሚሄድ፣ ገደሉ የት እንደሚከዳ፣ ድንጋዩ እንዴት እንደሚጠረብ የሚያውቅ የአካባቢው ልጅ ቢበዛ፣ ሕይወትም ገንዘብም ይተርፋል።

ስለዚህ አንድ ሐሳብ አቀርባለሁ። እያንዳንዳችን ከቀያችን አንድ አንድ ድንጋይ እናምጣ፤ የተገኘበትን ስፍራ ጽፈን በሳይንስ ክፍላችን እንደርድር። ከእኛ በኋላ የሚመጡ ተማሪዎች እኛ ሳንጠይቅ ያለፍነውን እዚያ ይጠይቃሉ።