ዕዳ ያለባት ሴት አትደበቅ
(በማኅበራችን ስብሰባ ላይ የቀረበ ንግግር)



ሰብሳቢያችን ስለ አንዲት ታዋቂ ሴት እንድናገር ሲጠይቁኝ ሳራ በርናር የምትባለውን ፈረንሳዊት ተዋናይ መረጥኩ። የሕይወት ታሪኳን ያነበብኩት ግን በሒሳብ ሠራተኛ ዓይን ነው።

ሳራ እ.ኤ.አ. በ1844 ፓሪስ ተወለደች። አባቷ ማን እንደሆነ እስከ ዛሬ በእርግጠኝነት አይታወቅም። በ1862 ኮሜዲ ፍራንሴዝ በተባለው ታላቅ ቲያትር ቤት መድረክ ላይ ወጣች፤ ነገር ግን አንዲት አንጋፋ ተዋናይ በጥፊ መትታ ብዙ ሳትቆይ ለቀቀች። በ20 ዓመቷ ያለ ጋብቻ ወንድ ልጅ ወለደች።

ኦዴዮን በሚባል ሌላ ቲያትር ቤት ስሟ መታወቅ ሲጀምር ደግሞ መኖሪያዋ በእሳት ወደመ። ኢንሹራንስ አልነበራትም። በዚህ ጊዜ የገቢ ማሰባሰቢያ ዝግጅት ተደረገላት፤ የዘመኑ ዝነኛ ዘፋኝ አዴሊና ፓቲም ያለ ክፍያ ዘፈነችላት። እኛ በዕድር የምናደርገውን እነሱ በመድረክ አደረጉት።

በኋላ ወደ ኮሜዲ ፍራንሴዝ ተመልሳ ብዙ ተጨበጨበላት። በ1880 ግን ከአስተዳደሩ ጋር ተጣልታ ውሏን አፍርሳ ወጣች። ፍርድ ቤት 100,000 ፍራንክ ካሳ እንድትከፍል ወሰነባት። ሳራ አልተደበቀችም። በዚያው ዓመት የራሷን ቡድን ይዛ በመርከብ ወደ አሜሪካ ሄደች፤ ከተማ ለከተማ እየዞረች ሠራች። ከዚያ በኋላም ገንዘብ ባጠራት ቁጥር መንገዷ ይኸው ነበር።

እውነቱን ልናገር፤ የገንዘብ አያያዟን አላደንቅም። ታባክን ነበር፤ ልጇ በቁማር ያጠፋውንም ትከፍል ነበር። በ1893 ፓሪስ ውስጥ የራሷን ቲያትር ቤት ያዘች፤ ከሰረች። በ1899 ከከተማው ከፍ ያለ ቲያትር ቤት ተከራይታ በራሷ ስም ሰየመችው፤ እስከ ዕለተ ሞቷም መራችው። ከ60 ዓመቷ በኋላ ፊልም አዲስ ነገር በነበረበት ጊዜ በ1912 ንግሥት ኤልሳቤጥን ሆና ሠራች። በ1915 አንድ እግሯ ተቆረጠ። በዚያው ጦርነት ውስጥ ግን በወንበር እየተሸከሟት ለወታደሮች ቲያትር አሳየች። በ1923 በ78 ዓመቷ ስታርፍ ቤቷ ውስጥ ፊልም እየተቀረጸ ነበር።

እህቶቼ፣ ይህን ሁሉ የነገርኳችሁ ያለ ምክንያት አይደለም። ከሁለት ዓመት በፊት የምሠራበት ድርጅት ደመወዛችንን ለወራት ሲያዘገይብን ወርሃዊ ቁጠባዬን መክፈል አቃተኝ። የእናንተን መዝገብ የምይዘው እኔ አፍሬ ሁለት ስብሰባ ቀረሁ፤ አሞኛል ብዬም ዋሸሁ። አንዲት እናታችን ቤቴ ድረስ መጥተው፣ «ብሩ ይቆይ፤ አንቺ ግን ነይ» አሉኝ። መጣሁ። ውዝፌንም በስድስት ወር ከፍዬ ጨረስኩ።

ዘንድሮ መዝገባችን ላይ ሰባት እህቶች ከቁጠባውም ከስብሰባውም ቀርተዋል። ስማቸውን አልጠራም። መዝገብ የሚያሳየኝ ያልተከፈለውን ብር ነው፤ እፍረቱን አያሳየኝም። ብሩ ቀስ ብሎ ይከፈላል። ሴትዮዋ አንዴ ከራቀች ግን ብሩም እሷም አይመለሱም።

ስለዚህ ሁለት ነገር እለምናለሁ። አባላት ሆይ፣ ከሚቀጥለው ስብሰባ በፊት እያንዳንዳችን የቀረች እህታችንን በር እናንኳኳ፤ ስለ ገንዘብ አንስተን ሳይሆን ቡና ጠጥተን እንምጣ። ደጋፊዎቻችን ደግሞ ሥራችንን ስትመዝኑ የተመለሰውን ብድር ብቻ አትቁጠሩ፤ ወድቃ የተመለሰችውንም ሴት ቁጠሩልን።