ሮሳውራና የማዕድን ቆፋሪዎቹ ሚስቶች



ዛሬ የምናጫውታችሁ ስለ አንዲት የሜክሲኮ ሴት ነው። ሜክሲኮ ከአሜሪካ በስተደቡብ የሚገኝ አገር ነው። የሴትየዋ ስም ሮሳውራ ሬቩኤልታስ ነው። የተወለደችው በ1910 ነው። የምንጠራቸው ዓመቶች ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው። ሥራዋ ሲኒማ ላይ መጫወት ነበር። በኋላም ስለ ቤተሰቧ መጽሐፍ ጽፋለች።

ሲኒማ ሲባል እኛ ከተማ ሳለን ፍቅርና ተኩስ ብቻ ይመስለን ነበር። እሷ የተጫወተችበት «የምድር ጨው» የተባለው ፊልም ግን በእውነት ከተደረገ ነገር የተነሣ ነው።

ነገሩ እንዲህ ነው። አሜሪካ ውስጥ ኒው ሜክሲኮ በሚባል ክፍለ ሀገር ዚንክ የሚቆፍሩ ሠራተኞች ነበሩ። ዚንክ ማለት የቤት ክዳን ቆርቆሮ እንዳይዝግ የሚለበጥበት ማዕድን ነው። አብዛኞቹ ቆፋሪዎች ዘራቸው ከሜክሲኮ ነው። ነጮቹ ቤት ሙቅ ውሃ በቧንቧ ይገባል። የነዚህ ሚስቶች ግን እንጨት ፈልጠው ነው ውሃ የሚያሞቁት።

በ1950 ቆፋሪዎቹ ሥራ አቆሙ። በ1951 ፍርድ ቤት ቆፋሪዎቹ በር ላይ እንዳይቆሙ ከለከለ። ሚስቶቻቸው ምን አሉ? የተከለከሉት ቆፋሪዎቹ ናቸው፣ እኛ ደግሞ ቆፋሪዎች አይደለንም አሉና መንገዱን ያዙ። አስለቃሽ ጢስ ተተኮሰባቸው። ከነልጆቻቸው ታሰሩ። አልተመለሱም።

ወንዶቹ ቤት ቀሩ። ሮሳውራ በፊልሙ የቆፋሪ ሚስት የእስፔራንዛን ቦታ ነው የያዘችው። መጀመሪያ ሴቶቹ የውሃውም ነገር ይጠየቅልን ሲሉ ወንዶቹ ቆይ፣ ይደርሳል ይሉ ነበር። በኋላ ባልየው ራሱ እንጨት ፈለጠ፣ ውሃ አሞቀ፣ ልብስ አጥቦ አሰጣ። ያን ጊዜ የውሃው ጥያቄ ለካ ዱሮውኑ መነሣት ነበረበት አለ። እናቶች፣ እዚህ ላይ ስትስቁ እናያለን! ባል ሆኖ የተጫወተው ሁዋን ቻኮን የእውነት ቆፋሪ፣ የሠራተኛ ማኅበሩም መሪ ነበር።

ፊልሙ ግን ጠላት በዛበት። በ1953፣ ሥራው ሳያልቅ፣ የአሜሪካ የኢሚግሬሽን ሹሞች ሮሳውራን አሰሯት። ፓስፖርትሽ ስትገቢ ማኅተም አልተመታበትም አሏት። ማኅተም መምታት የማን ሥራ እንደሆነ እናንተው ፍረዱ። ወደ አገሯ ተመለሰች። ለቀረው ሥራ በሷ ቦታ ሌላ ሴት ቆማ ከጀርባ ተነሣች፤ ጥቂቱም ሜክሲኮ ውስጥ ተሠራ።

ፊልሙ በ1954 ሲወጣ ያሳዩት ሲኒማ ቤቶች ጥቂት ነበሩ። ሮሳውራም ከዚያ ወዲያ በገዛ አገሯ እንኳ የፊልም ሥራ እንደልብ አላገኘችም። ቆፋሪዎቹስ? በ1952 ሥራ ማቆሙ በስምምነት አበቃ። ሙቅ ውሃውም ቤታቸው ገባ።

በ1992 የአሜሪካ መንግሥት ቤተ መጻሕፍት ያንኑ ፊልም እንዳይጠፋ ተጠብቀው ከሚቀመጡት ጋር መዘገበው። ያኔ ሮሳውራ 82 ዓመቷ ነበር። በ1996 አገሯ ሜክሲኮ ውስጥ አረፈች።

እንግዲህ ጥያቄ ያለው ይጠይቀን።