ድንጋዩን መዝኑት

(የዝናብ ድምፅ፤ ዝቅ ይላል)

ቦሳ ኪቶ ሰፈር መብራት ጠፍቶ የእጅ ባትሪያችሁ ቶሎ ደከመባችሁ? ፍቱት። ውስጡ ያለው የሊቲየም ድንጋይ 18 ሚሊ ሜትር ውፍረት፣ 65 ሚሊ ሜትር ርዝመት ካለው፣ «9900 ሚሊ አምፒር ሰዓት» የሚለውን ጽሑፍ አትመኑ። በዚህ መጠን ጥሩ የሚባለው የሚይዘው 3500 ገደማ ነው።

ለቡና አገር ሰው ስለ ሚዛን አይነገረውም፤ መዝኑት። ደህናው ከ45 እስከ 50 ግራም ይደርሳል። በጣም ከቀለለ ሆዱ ባዶ ነው። ዱቄት ተሞልቶ የተገኘም አለና ክብደት ብቻውን አያስተማምንም።

ቁርጡ የሚታወቀው የያዘው ኃይል ሲፈስ ነው። እስከ 4.2 ቮልት ይሞላል፤ ከዚያ በ1 አምፒር እየፈሰሰ 3 ቮልት ላይ ይቆማል። 3 ሰዓት ከቆየ 3000 ያህል ይዟል ማለት ነው። ሁለት ድንጋይ ስታወዳድሩ አፈሳሰሱ እኩል ይሁን፤ ያው ድንጋይ በ5 አምፒር ሲፈስ ያነሰ ያሳያል። ሲሞላ ደግሞ፣ አደራ፣ ትታችሁት እንዳትተኙ።