ያልተለቀሰላቸው
(በማኅበራችን የዘንድሮ ስብሰባ ላይ ሐይቅ ከተማ የቀረበ ንግግር)



አዘጋጆቹ "ከምሳ በኋላ ስለሆነ ቀለል ያለ ነገር ይሁን" ብለውኝ ነበር። እኔ ይዤ የመጣሁት ግን ፍሮይድንና የፍራንክፈርት ምሁራንን ነው። እንቅልፍ የመጣበት ሰው ሐይቁ እዚሁ ነው፤ ወጣ ብሎ አየር ይቀበል፣ አልቀየምም።

ርእሱን የመረጥኩት ለመራቀቅ ብዬ አይደለም። ማኅበራችን በዚህ ዓመት የሚወስነው አንድ ከባድ ነገር አለ። ለሚቀጥለው መጽሔት የመታሰቢያ ገጽ ይዘጋጅ ተብሏል፤ በአብዮቱ ዘመን የሞቱብን የትምህርት ቤት ጓደኞች ስም የሚወጣበት ገጽ። ይውጣ በሚለው ላይ ሁሉም ይስማማል። የማን ስም የሚለው ላይ ሲደረስ ነው ኮሚቴው ለሁለት የተከፈለው። የኢሕአፓውና የመኢሶኑ በአንድ ዝርዝር፣ በፊደል ተራ ይግቡ ወይ? ሌላውን አጋልጦ ያስገደለ፣ ቆይቶ ራሱም የተገደለስ? አንዲት እኅታችን "ወንድሜን ከገዳዩ ጎን አታስተኙብኝ" ብላለች። እኔ ከአንጋፋዎቹ በኋላ የመጣሁ፣ ስድስት ኪሎ ሥነ ልቦና የተማርኩ ሰው ነኝ፤ በዚህ ጉዳይ አስተያየት አለኝ፤ እሱን ለማስረዳት ዞር ብዬ መምጣት ይኖርብኛል።

እ.ኤ.አ. በ1923 ፍራንክፈርት ከተማ የማኅበራዊ ምርምር ተቋም ተከፈተ። በኋላ ማክስ ሆርክሃይመር የመራው ይኸው ተቋም ነው "ሂሳዊ ንድፈ ሐሳብ" የሚባለውን አስተሳሰብ ያወጣው። ሰዎቹ ማርክስን ጠንቅቀው ያነበቡ ናቸው። አንድ ነገር ግን ይከነክናቸው ነበር፤ ድኃው ጥቅሙ የት እንዳለ ካወቀ በኋላ እንኳ ለምን ለጌታ ያድራል? ለዚህ ማርክስ ብቻውን አልበቃቸውም፣ ፍሮይድን ጨመሩበት። ከመካከላቸው ኤሪክ ፍሮም እ.ኤ.አ. ከ1929 ጀምሮ ለጀርመን ሠራተኞች ከሦስት ሺህ በላይ መጠይቅ በተነ። ጥያቄው "የትኛውን ፓርቲ ትመርጣለህ" በሚለው አያበቃም። ቤትህ ግድግዳ ላይ ምን ሰቅለሃል? ልጅ ሳይገረፍ ማደግ ይችላል ወይ? እንዲህ እያለ የሰውየውን ጓዳ ይገባል። ውጤቱ አላስደሰታቸውም። ድምፁን ለግራ እየሰጠ ቤቱ ውስጥ ግን በትእዛዝና በዱላ የሚያምን፣ ጠንካራ መሪ የሚናፍቅ ሰው አገኙ። አቋሙ እስከ አጥንቱ የዘለቀው ጥቂቱ ነው። በ1933 ሂትለር መጣ፣ ተቋሙ ተዘጋ፣ ሰዎቹ ተሰደዱ። ጥናቱ መጽሐፍ ሆኖ የወጣው በ1980 ነው።

እስቲ ያ መጠይቅ ስድስት ኪሎ ቢበተን ኖሮ ብላችሁ አስቡት። የካቲት 1957 "መሬት ላራሹ" ተብሎ ሰልፍ ሲወጣ፣ ማታ ለስንቱ ሰልፈኛ እራት ያቀረበችው ወጥ ቤት የምትተኛ ልጅ ነበረች? ይህን የምለው ለማሳጣት አይደለም። ሰልፉ ትክክል ነበር፤ ከአሥር ዓመት በኋላ የካቲት 25 ቀን 1967 የገጠር መሬት ሲታወጅ ፍሬውን አይተናል። እኔ የምለው፣ ፍትሕን በመፈክር መውደድና በጠባይ መውደድ ለየቅል ናቸው። በንባብ ዝርዝራችን ውስጥ ስለ መጀመሪያው ብዙ ነበር፤ ስለ ሁለተኛው እምብዛም። ፍራንዝ ፋኖንን እንኳ ውሰዱ። ስለ አመጽ የጻፈውን የመጀመሪያ ምዕራፍ የማያውቅ የለም። የመጽሐፉ መጨረሻ አካባቢ ግን ሰውየው የአእምሮ ሐኪም ሆኖ አልጄሪያ ያያቸው በሽተኞች አሉ፤ የተገረፈውም፣ ገራፊውም፣ ሁለቱም እንቅልፍ አጥተው እሱ ዘንድ ይመጣሉ። ያንን ምዕራፍ ማን ተወያየበት?

ወደ ራሳችን ጉዳይ ልምጣ። ፍሮይድ እ.ኤ.አ. በ1913 "ቶተምና ታቡ" ላይ የሚነግረን ነገር አለ፤ ወንድማማቾች ተባብረው ጨካኝ አባታቸውን ይገድላሉ፤ ከገደሉት በኋላ ግን ሙቱ አባት ከሕያውነቱ ይልቅ ይበረታባቸዋል። እንደ ታሪክ የሚቀበለው ሰው ዛሬ ብዙ አይደለም። እንደ ምሳሌ ከሆነ ግን እንደ እኛ አገር የሚገጥመው አላውቅም። ኅዳር 14 ቀን 1967 ስልሳ ያህል ባለሥልጣናትና መኮንኖች ያለ ፍርድ ተረሽነው በጅምላ ተቀበሩ። ነሐሴ 1967 ንጉሠ ነገሥቱ በሕመም አረፉ ተባለ፤ አስከሬን ግን አልታየም፣ ቀብርም አልነበረም። በ1984 ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ከወለል ሥር ተገኙ። ቅድስት ሥላሴ ካቴድራል በሥርዓት ያረፉት ጥቅምት 1993 ነው። አባትን ወለል ሥር ቀብሮ ከላይ ሥራ መቀጠል! ፍሮይድ እንኳ ይህን ያህል አልደፈረም። አባት የተባለው ወርዶ ሊቀመንበር የተባለው ወጣ፤ ፎቶው የተሰቀለበት ሚስማር ግን አልተነቀለም።

ይኸው ፍሮይድ በ1917 ስለ ሐዘን ጽፏል። ያዘነ ሰው የሞተበትን ያውቃል፤ ያለቅሳል፣ ያስታውሳል፣ ይናደዳልም፤ ቀስ በቀስ ወደ ሕይወት ይመለሳል። ሐዘኑን መወጣት ያልቻለ ግን ምን እንዳጣ እንኳ በቅጡ ሳያውቅ ራሱን ይበላል። አሌክሳንደርና ማርጋሬተ ሚቸርሊኽ የሚባሉ ባልና ሚስት ይህን ሐሳብ ከአንድ ሰው አንስተው ወደ አንድ አገር ወሰዱት። "ማዘን አለመቻል" የተባለው መጽሐፋቸው እ.ኤ.አ. በ1967 ጀርመን ውስጥ ወጣ። ጀርመኖች ሂትለርን እንደወደዱት፣ ሲወድቅም ያጡት ነገር እንዳለ ሳያምኑ በቀጥታ ፋብሪካ ወደ መገንባት ሮጡ፤ ስላላዘኑ አልተለወጡም ነው ነገሩ። የሚገርመኝ፣ መኢሶን ሐምቡርግ ላይ የተመሠረተው በዓመቱ በ1968፣ ኢሕአፓ በርሊን ላይ በ1972 ነው። ልጆቻችን ያ ክርክር በሚካሄድበት አገር ነበሩ። ሻንጣቸው ውስጥ ይዘው የመጡት ግን ሌኒንን፣ ስታሊንንና ማኦን ነው።

የሆነውን ታውቁታላችሁ። አንድ ክፍል የተማሩ፣ አንድ ዶርም ያደሩ ልጆች ተገዳደሉ። መጀመሪያ አንዱ ወገን አለቀ፣ ነሐሴ 1969 ላይ ሌላው ኅቡዕ ገባ፣ እሱም ተለቀመ። እናት የልጇን አስከሬን መንገድ ላይ አይታ እንዳታለቅስ ተከለከለች፤ የጥይቱን ዋጋ ክፈሉ የተባሉ ቤተሰቦች አሉ። ለቅሶ መከልከል እዚያ አልተጀመረም። ታኅሣሥ 19 ቀን 1962 ጥላሁን ግዛው ሲገደል ተማሪዎች አስከሬኑን ግቢ ውስጥ ይዘው ሲያለቅሱ ክብር ዘበኛ ገብቶ ተኩሷል። ንጉሡም ደርጉም የፈሩት አንድ ነገር ነው ማለት ነው።

እዚህ ላይ አንድ ማስጠንቀቂያ ልጨምር። ሳይኮአናሊስስ በእጅ ላይ ያለ ቢላ ነው። ዶናልድ ሌቪን "ወክስ ኤንድ ጎልድ" ላይ አማራው ከምግብ ጋር ያለውን ግንኙነት እየመረመረ ጠባዩን በፍሮይድ ሚዛን ሊመዝን ሞክሯል። ቅኔውን በደንብ አይቷል፤ ጉርሻው ላይ ግን አበዛው ባይ ነኝ። ሕዝብን ሳይጠይቁ አልጋ ላይ አስተኝቶ መተርጎም ሕክምና አይደለም። ተናጋሪው ወዶ ሲናገር፣ ሰሚውም ሲታመን ነው ነገሩ የሚሠራው።

ለምን እንዲህ እንደምል እዚሁ አካባቢ ምሳሌ አለ። ዛሬ ጠዋት ወንዶቹ እስጢፋኖስ ገዳም ገብተን ተሳልመናል፤ እኅቶቻችን እንደ ሥርዓቱ ከውጭ ቀርተዋል። (ይህ የራሱ ንግግር ይገባዋል፤ የሚናገረውም ወንድ ባይሆን ይመረጣል።) በ13ኛው መቶ ክፍለ ዘመን አባ ኢየሱስ ሞዐ ያስተማሩበት፣ አቡነ ተክለ ሃይማኖትም የተማሩበት ቦታ ነው፤ የኛ ስድስት ኪሎ ከሱ ጋር ሲተያይ ሕፃን ነው። እዚያ ሰው ለንስሐ አባቱ የተናገረው ነገር ከአባትየው አፍ አይወጣም። በ1969 እና በ1970 ቀበሌ አዳራሽ ውስጥም ሰው ኃጢአቱን እንዲናገር ይጠየቅ ነበር፤ "ራስህን አጋልጥ" ይባላል። የተናገርከው ግን ፋይል ይሆናል፣ ፋይሉ ደግሞ ሌሊት በር ያንኳኳል። ኋላ ግለ ሂስና ግምገማ ሲመጣም ፋይሉ አልቀረም። መናገር በራሱ ነጻ አያወጣም፤ ማን ሰማው፣ የሰማውን ምን አደረገው ነው ጥያቄው። ገዳሙንም በዚሁ ዓይን ማየት ይገባል። የሐይቅ አበምኔት "ዐቃቤ ሰዓት" ተብለው በቤተ መንግሥት ትልቅ ሥልጣን የነበራቸው ዘመን አለ። ንስሐ አባትና ሥልጣን አንድ ሰው ላይ ሲገናኙ ምን እንደሚሆን መጠየቅ ድፍረት አይመስለኝም።

ወሎ በዚህ ነገር የተለየ ዕዳ አለብን። መስከረም 1 ቀን 1967 ማታ ጆናታን ዲምብልቢ የቀረጸው የወሎ ረሃብ ከቤተ መንግሥት ድግስ ጋር እየተቀያየረ በቴሌቪዥን ታየ፤ በማግስቱ ንጉሠ ነገሥቱ ወረዱ። ፊልሙ መታየቱ ተገቢ ነበር። ያ የሞተ ገበሬ ግን ማስረጃ ሆነ እንጂ ሙት አልሆነም፤ ስሙን የጠራ፣ ሙሾ ያወረደለት የለም። ከአሥር ዓመት በኋላ እንደገና ረሃብ መጣ፣ እንደገና ካሜራ መጣ። በጥቅምት 2014 ደግሞ ጦርነቱ እዚህ ደረሰ፤ ደሴ ተያዘች፣ ወሎ ዩኒቨርሲቲ ተዘረፈ። የዚያ ሐዘን ገና ትኩስ ነው፤ አሁንም ወገን እየለየን ነው የምናለቅሰው።

ወሎዬ ግን ይህን ያውቅበታል። ቅሬው ሙስሊሙንም ክርስቲያኑንም ይቀብራል። ሰው ሲገደል አበጋሮች ገብተው ደም ያደርቃሉ፤ ደም ለማድረቅ ደግሞ መጀመሪያ የገዳይ ወገን "ደሙ የኛ ነው" ማለት አለበት። ካሣውና መሐላው ከዚያ በኋላ ነው። የተገደለበትን "እርሳው" ብሎ የሚጀምር ሽማግሌ አላየሁም።

ስለዚህ ስለ መታሰቢያው ገጽ የኔ ሐሳብ ይህ ነው። ሁሉም ስም ይግባ፤ ስም፣ የገባበት ዓመት፣ ፋኩልቲ፣ የሞተበት ቀን። ከስሙ ፊት ሰማዕትም ከሐዲም አይባል። ሌላውን ማስገደሉ በፍርድ ቤት የተረጋገጠ ካለ፣ ያ በአንድ መስመር ይጻፍ እንጂ አይደበቅ። እኅታችን "ከገዳዩ ጎን አታስተኙብኝ" ያለችው ግን እውነቷን ነው፤ በድምፅ ብልጫ የሚሻር ነገርም አይደለም። ከመታተሙ በፊት እያንዳንዱ ቤተሰብ ዘንድ ሁለት ሁለት ሰው ይሂድ፤ ሲቻል ከየወገኑ አንድ አንድ። ስልክ አይበቃም። ሄዶ መቀመጥ፣ ቡናውን መጠጣት፣ መስማት፤ የሰሙትንም ለኮሚቴ አለማውራት። አንድ ቤተሰብ እሺ ካላለ ያ ስም ለብቻው ገጽ ይውጣ፣ ወይም ለዘንድሮ ይቆይ። መጽሔቱ ሁለት ዓመት ቢዘገይም ለኔ ምንም አይደለም፤ አርባ ምናምን ዓመት ዘግይቷልና።

መሄድ የምትችሉ በሩ አጠገብ ደብተር አለ። ከስማችሁ ጎን የትኛው ከተማ እንደምትኖሩና የትኛውን ቤተሰብ እንደምታውቁ ጻፉ። ድርጅታችሁን መጻፍ አያስፈልግም፤ ቤተሰቡ ዘንድ ስትደርሱ ይጠይቋችኋል፣ ያን ጊዜ እዚያው ትመልሳላችሁ።