አስናቀች ወርቁ፤ ከክራር እስከ መድረክ

የኢትዮጵያን ተዋናይት ታሪክ ከፊልም መጀመር አይቻልም፤ የመጀመሪያው ረጅም የአማርኛ ፊልም «ሂሩት አባቷ ማነው?» የተሠራው በ1957 ዓ.ም. ገደማ ሲሆን፣ ክራር ተጫዋቿና ተዋናይቷ አስናቀች ወርቁ ግን ከዚያ ቀደም ብላ በ1940ዎቹ፣ የሴትን ገጸ ባሕርይ ወንዶች የሴት ልብስ ለብሰው ይጫወቱበት በነበረው መድረክ ላይ ወጥታ ነበር።

ይህ ማለት ሴት ከክዋኔ፣ ማለትም በሰው ፊት ከሚቀርብ የዜማና የድርጊት ጥበብ፣ ርቃ ኖራለች ማለት አይደለም። እያዜሙ ምጽዋት የሚለምኑት ላሊበሎች፣ ዜማውን ካቋረጥን ቁምጥና ይይዘናል ብለው በማመን ጎሕ ሳይቀድ የሚዞሩት፣ ብዙ ጊዜ ባልና ሚስት ሆነው ነው፤ የባለቤቱን ስም ከጎረቤት ጠይቀው፣ ፊታቸውን በኩታ ሸፍነው ደጃፍ ላይ ይቆሙና፣ ባል ግጥሙን ሲያወርድ ሚስት ዜማውን ትይዛለች፤ ምጽዋቱ ከመጣ ይመርቃሉ፣ ከቀረ ደግሞ ምላሳቸው አይምርም። ከዚህ የበለጠ ትወና የት ይገኛል? ሆኖም ደጃፍ የለመዳትን ሴት ዘመናዊው ቴአትር ወዲያው አልተቀበላትም፤ ክራር የምትመታ ሴት ስትሆን ደግሞ «አዝማሪ» የሚለው ስም እንደ ስድብ ይከተላት ነበር።

በፋርስኛ ሲኒማም መንገዱ ከዚህ የቀለለ አልነበረም፤ በ1933 እ.ኤ.አ. ቦምቤይ ላይ በተሠራው የመጀመሪያው ድምፅ ያለው የፋርስኛ ፊልም መሪ ተዋናይት የነበረችው ሩሃንጊዝ ሳሚኔጃድ ከሕዝብ በደረሰባት ነቀፋ ሙያውን ትታ ተሰውራ ኖራለች። አስናቀች ግን አልሸሸችም። በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቴአትር፣ በዛሬው ብሔራዊ ቴአትር፣ ለብዙ ዓመታት ተውናለች፤ ክራሯንም አልጣለችም፤ ትዝታን፣ የወሎን የቦታ ስም የያዙትን አምባሰልንና ባቲን፣ አንቺሆዬንም የሚያካትቱት ቅኝቶች፣ ማለትም የዜማ ድምፆች የሚደረደሩባቸው ስልቶች፣ የሙያዋ ሁለተኛ እግር ነበሩ።

ከሁለቱ ሙያዎች ለዛሬ አድማጭ በቅርብ የሚገኘው ክራሩ ነው፤ ዘፈኖቿ «ኢትዮፒክስ» በተሰኘው የሸክላና የካሴት ቅጂዎች ስብስብ 16ኛ ቅጽ ታትመው በውጭ አገርም ተሰምተዋል፤ ከመድረክ ትወናዋ ግን ለተመልካች የሚደርሰው እጅግ ጥቂት ነው፤ ይህም የቴአትር ተመራማሪዎችን ሊያሳፍር የሚገባ ጉድለት ነው። አስናቀች በ2004 ዓ.ም. መስከረም ላይ ካረፈች በኋላ፣ በራሔል ሳሙኤል የተዘጋጀው «አስኒ» የተባለ ዘጋቢ ፊልም፣ ማለትም እውነተኛ ሰዎችንና ክንውኖችን የሚያሳይ ፊልም፣ በ2013 እ.ኤ.አ. ለእይታ በቅቷል።